አባ ጉም፦ ስለ መንዙ ደመና አሳሪ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

የአባ ጉም ተረት ክፍል በክፍል ሲወጣ ያው ጥያቄ በተለያየ አፍ እየተመላለሰ መጣ። ስለዚህ መልሱን አንድ ቦታ ሰብስቤዋለሁ። ተረቱን ገና ያልጨረሳችሁ ተጠንቀቁ፤ መጨረሻውን አልደበቅኩም።

አባ ጉም በእውነት የነበሩ ሰው ናቸው?

አልነበሩም። ከራስ እስከ እግራቸው ፈጠራ ናቸው። «እኛ አገር አንድ ሽማግሌ ነበሩ» የሚል ሰው ግን አይዋሽም። በመንዝም በተጉለትም በቡልጋም «እገሌ በረዶ ይመልሳል»፣ «እገሌ ዝናብ ያስራል» ሲባል ያልሰማ ገበሬ አይገኝም። አባ ጉም የተቀመሙት ከዚህ ወሬ ነው። በዙሪያቸው ያለው አገር፣ ዘመንና አየር ግን እውነተኛ ነው፤ እሱን ላለማዛባት ተጠንቅቄያለሁ።

የት ተወለዱ? መቼ?

ጌራ ምድር። መንዝ ከጥንት ጀምሮ ላሎ፣ ማማና ጌራ ተብሎ በሦስት ይከፈላል፤ ይህ ክፍፍል ኋላ ለሚመጣው ነገር ስለሚያስፈልግ ያዙት። የተወለዱት በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ የመጨረሻ ዓመታት ነው። ንጉሡ ሸዋን እ.ኤ.አ. ከ1813 እስከ 1847 ስለገዙ፣ ክፉ ቀን የሚባለው የረሃብ ዘመን ሲገባ አባ ጉም ከአርባ ያለፉ ጎልማሳ ናቸው ማለት ነው።

ያደጉት ጓሳ በሚባለው የመንዝ ሣራማ ደጋ ላይ በግ ሲጠብቁ ነው። ስማቸው የፈረስ ስም ይመስላል፤ ፈረስ ግን በዘመናቸው አልነበራቸውም። ያወጡላቸው እረኞቹ ናቸው፣ ለሹፈት። ሌላው ልጅ ጉሙ ከበላው በኋላ በጉን ሲፈልግ ያመሻል፤ እሳቸው ጉሙ ሳይደርስ መንጋቸውን ሰብስበው ገሳቸውን ለብሰው ቁጭ ብለዋል። ሹፈቱ ቀስ በቀስ ወደ ፍርሃት ዞረ።

ያ ሁሉ ጉም ከየት ነው የሚመጣው? አጋነንክ ይላሉ።

ይህን የሚለኝ ሰው ጣርማ በርን በመኪና አልተሻገረም። ሸዋ ሮቢት ያለው 1,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው፤ ጣርማ በር ከ3,000 ሜትር በላይ ነው። በመካከላቸው ያለው አፋፍ ነው። ከአፋር በኩል የሚመጣ እርጥብ አየር ገደሉን ተደግፎ ሽቅብ ሲወጣ ይቀዘቅዛል፣ ሲቀዘቅዝ የያዘው ውሃ ይታያል፤ እሱ ነው ጉሙ። አንኮበርም እንደዚያው ነው። ከታች ቆላው ፀሐይ ሲመታው ከላይ ያለው ሰው የገዛ እጁን ማየት ያቅተዋል።

ልጁ እረኛ ያወቀው ይህንኑ ነው፤ ከቆላው የሚወጣው ነፋስ ሲሞቅ፣ ሲርስ፣ ጉሙ ምን ያህል እንደራቀ። እስከዚህ ድረስ አስማት የለበትም። አስማቱ የጀመረው ሰው «አንተ ነህ ያመጣኸው» ሲላቸው፣ እሳቸውም ሳይክዱ ሲቀሩ ነው።

ኃይላቸው እስከ ምን ድረስ ነው?

ብዙ ሰው የሚናደደው እዚህ ላይ ነው። አባ ጉም ዝናብ አይፈጥሩም። መብረቅ አይወረውሩም። ሰማይ ላይ ያለውን ደመና ያዞራሉ፣ ያዘገያሉ፣ ለጥቂት ጊዜ ያስራሉ፤ በቃ። ጥርት ባለ ሰማይ ሥር እንደማንኛችንም ባዶ እጃቸውን ናቸው።

«ታዲያ ውርጩን ለምን አላስቆሙም?» ላላችሁኝም መልሱ ይኸው ነው። ከጥቅምት እስከ ጥር የመንዝን ገብስ የሚያቃጥለው ውርጭ የሚወርደው ሌሊቱ ጥርት ሲል ነው። ደመና ቢኖር ኖሮ እንደ ብርድ ልብስ ሸፍኖ የምድሩን ሙቀት ያቆየው ነበር። የሚያዞሩት ደመና ከሌለ አባ ጉም ምን ይይዛሉ? በውርጭ ሌሊት እንደ ጎረቤታቸው እሳት ዳር ኩርምት ብለው ነው የሚያድሩት።

ሁለተኛው ገደብ ዋናው ነው። በረዶ አይጠፋም፣ ይዞራል። ከዚህ ማሳ የተመለሰው ሌላ ማሳ ላይ ይወድቃል። ተረቱን የጻፍኩት ስለዚህ አንድ ነገር ስል ነው ብል አልተሳሳትኩም።

በረዶ ሲመልሱ በትክክል ምን ያደርጋሉ?

ክፍል ሦስት ላይ አለ፤ እዚህም ልድገመው።

ከሰዓት በኋላ ነው፣ ሐምሌ አልቆ ነሐሴ ሲገባ። በቤተ ክርስቲያን አቆጣጠር ከሐምሌ 19 እስከ ነሐሴ 9 ያለው ክፍለ ክረምት የመብረቅና የነጎድጓድ ነው፤ የአባ ጉምም ዋና ሥራ ያኔ ነው። ደመናው በወንጭት ወንዝ በኩል ይጠቁራል። ሲነፍስ የዋለው ነፋስ ቀጥ ይላል፤ በጎቹ ጀርባቸውን ለደመናው ሰጥተው ይቆማሉ። አባ ጉም ባናቸውን፣ ያን ከበግ ጸጉር የተሠራ ወፍራም ልብስ፣ ገልብጠው ይለብሱና በባዶ እግራቸው ማሳው ዳር ያለው ቋጥኝ ላይ ይወጣሉ። ምንም አይናገሩም። የመጀመሪያዋ ፍሬ ጠብ እስክትል ይጠብቃሉ። ስትወድቅ ያነሷትና ምላሳቸው ላይ ያስቀምጧታል። ጊዜያቸው እሷ እስክትሟሟ ነው። በዚያ መሀል ደግመው ከጨረሱ ደመናው ይዞራል፤ ቀድማቸው ካለቀች ገብሱ አለቀ።

በረዶ በአፉ ይዞ የሚደግምን ሰው ቃል ማን ይለያል? ድግምቱን ማንም ያልተማረባቸው በዚህ ምክንያት ነው።

ከዚያ ወደ ቤት ይገቡና ከጥቁር በግ ጸጉር የተፈተለች ክር አውጥተው አንድ ቋጠሮ ይቋጥራሉ። ክሯ የምትቆጥረው የዳኑትን ማሳዎች አይደለም።

ክፍያቸው ከእያንዳንዱ ቤት አንድ ቁና ገብስ ነው፣ ከአውድማ በኋላ። በረዶ ከወረደ ግን ምንም አይከፈላቸውም።

ሰው እንዲህ ያለውን ነገር ለምን ያምናል?

ሞኝ ስለሆነ አይደለም። መጀመሪያ በረዶ ለምን ደጋውን እንደሚወድ እንይ። በኛ አካባቢ የአየሩ ሙቀት ወደ ዜሮ የሚወርደው ከ4,500 እስከ 5,000 ሜትር ባለው ከፍታ ላይ ነው። ሸዋ ሮቢት ያለ ሰው ራስ ላይ ለመድረስ በረዶው ከ3 ኪሎ ሜትር በላይ በሞቃት አየር ውስጥ መውረድ አለበት፤ አብዛኛው መንገድ ላይ ቀልጦ ዝናብ ይሆናል። መንዝ ከ3,000 ሜትር በላይ የሚያርስ ገበሬ ግን ደመናው አናቱ ላይ ነው ያለው፤ በረዶው ለመቅለጥ ጊዜ አያገኝም።

ሁለተኛ፣ በረዶ እንደ ዝናብ አገር አያዳርስም። ደመናው በሄደበት ጠባብ መስመር ብቻ ይወርዳል፣ ለጥቂት ደቂቃ። አንዱ ገበሬ እሸቱ ከአፈር ተደባልቆ ሲያለቅስ፣ ወሰንተኛው ዛላው ሳይነካ ቆሞ ያየዋል። ይህን በዓይኑ ያየ ሰው «ማን አዞረው?» ብሎ ቢጠይቅ ይፈረድበታል?

ሦስተኛው የደብተራው ሒሳብ ነው። አንድ ማሳ በአብዛኛው ዓመት በረዶ አያገኘውም። ስለዚህ ደብተራ የቀጠረ መንደር በአብዛኛው ዓመት ደኅና ያጭዳል፣ ቁናውንም ይሰፍራል። የከፋ ዓመት ሲመጣ ደግሞ «የማዶው ደብተራ በለጠው» ይባላል። በየትኛውም በኩል ቢገለበጥ እምነቱን የሚያፈርስ ነገር አይመጣም። ብልሃቱን ያወጣው ሰው ብልህ ነበር እላለሁ፤ ምናልባትም ራሱን ያታለለ ብልህ።

ደብተራ ናቸው ወይስ ጠንቋይ?

ሁለቱን ቃላት አንድ አድርጎ መጥራት ትልቅ በደል ነው። ደብተራ ዜማውን፣ ቅኔውን፣ አቋቋሙን የሚያውቅ የቤተ ክርስቲያን ሊቅ ነው፤ ከማኅሌት ሌላ የማያውቅ ስንት አለ። አባ ጉም ዜማ ተምረው ቅኔ ቤት ሳይገቡ የቀሩ ናቸው። መንደራቸው ከፊት «ደብተራ»፣ ከኋላ «ደጋሚ» ይላቸዋል።

ቤተ ክርስቲያን ድግምትን አጥብቃ ታወግዛለች፤ ሰሜን ሸዋ ደግሞ ይህ ውግዘት የከረረበት አገር ነው። አቡነ ተክለ ሃይማኖት የተወለዱት እዚሁ ቡልጋ ነው፤ ገድላቸው ከጠንቋዮች ጋር በተደረገ ትግል የተሞላ ነው። ደብረ ብርሃንን የቆረቆሩት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብም በ15ኛው መቶ ዘመን ሕዝቡ በግንባሩ «አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ» የሚል ጽሑፍ፣ በእጁም ሰይጣንን የሚክድ ቃል እንዲይዝ አዘዋል፤ በባዕድ አምልኮ የተጠረጠረውን፣ የገዛ ልጆቻቸውን ሳይቀር፣ በብርቱ ቀጥተዋል። የሚገርመኝ ከተማዋ ራሷ ስሟን ያገኘችው ከሰማይ በታየ ብርሃን መሆኑ ነው። አንዳንድ ምሁራን ብርሃኑ እ.ኤ.አ. በ1456 የታየው የሃሌ ጅራታም ኮከብ ሳይሆን አይቀርም ይላሉ። ሰማይን ማንበብ አንዱን ያስከብራል፣ አንዱን ያስወግዛል። በተረቱ ውስጥ የደብሩ መምሬ አባ ጉምን የማያምኗቸው ከዚህ የተነሣ ነው። ክፉ አድርጌ አልሳልኳቸውም፤ ብዙ ጊዜ ትክክለኛው እሳቸው ናቸው።

ዐፄ ቴዎድሮስ ወደ ሸዋ ሲዘምቱ ለምን ጉም አላለበሱባቸውም?

ዘመቻው እ.ኤ.አ. በ1855 ነው። አባ ጉም ገና በግ ጠባቂ ልጅ ናቸው።

የእህታቸው ማሳ ታሪክ ምንድን ነው?

ታላቅ እህታቸው ማማ ምድር ተድራ ነበር። አባ ጉም በጎልማሳነታቸው ስማቸው ገኖ፣ ጌራ ምድር ሦስት ክረምት በረዶ ሳያይ ቀረ። ሰው ቁናውን አትረፍርፎ ሰፈረላቸው፤ እሳቸውም ጎተራ ሠሩ። የተመለሰው ወዴት እንደሚሄድ አንድም ቀን አልጠየቁም። «ወደ ገደል» ይላሉ ሲጠየቁ።

በሦስተኛው ዓመት መስከረም ላይ እህታቸው መጣች። ልጅ አዝላለች። ደጃፍ ቆማ የተናገረችውን እንደ ጻፍኩት ልገልብጠው፦

«ወንድም ዓለም፣ አንተ በረዶ ትመልሳለህ አሉ። እስቲ ወዴት እንደምትመልሰው ንገረኝና ባሌ ሌላ ቦታ ይረስ።»

ጎተራቸውን ከፍተው ሰጧት። ክሯን መቋጠር የጀመሩት ከዚያ ቀን በኋላ ነው፤ ከየገበያው እየጠየቁ በረዶ የወረደበትን ማሳ ሁሉ ይቋጥራሉ። ሥራውን ግን አልተዉም፤ የጌራ ሰው ይህን አይፈቅድላቸውም፣ እሳቸውም ያለሱ ምንም አይደሉም። በዚህ የተቀየሙኝ አንባቢዎች ብዙ ናቸው። «መተው ነበረባቸው» ይላሉ። ነበረባቸው። ግን እንዲህ ያለ ሥራ የያዘ ሰው በአንድ መስከረም ሲተው አላየሁም።

በክፉ ቀን ለምን ዝናብ አላመጡም?

ክፉ ቀን የሚባለው ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ከ1888 እስከ 1892) አካባቢ ያለው ዘመን ነው። የጀመረው በከብት እልቂት ነው። በሽታው ጣሊያኖች በምጽዋ በኩል ካስገቧቸው ከብቶች ጋር ገባ፤ በሬውን አንድ ባንድ ጨረሰው። በላዩ ላይ ዝናብ ጠፋ፣ አንበጣና ተምች ተከተለ። ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው መቆፈራቸው እስካሁን የሚነገር ነው፤ በሬ ለሌለው ሕዝብ ሌላ ምን አርአያ ይሰጠዋል?

ለአባ ጉም ይህ የመጨረሻው ፈተና ነው። በሽታ ደመና አይደለም። ሰማዩም ባዶ ነው። ሕዝቡ ግን ለሃያ ዓመት «ደመና ያስራል» ብሎ ሲከፍላቸው የኖረ ነው፤ አሁን «ያሰረው እሱ ነው» ቢል ምን ያስደንቃል? አንድ ሌሊት ቤታቸውን ከብበው ክሯን አወጡ። «ፍታ!» አሏቸው። ሌሊቱን ሙሉ፣ ሴቱም ወንዱም ልጁም እየተቀባበለ ቋጠሮውን ሲፈታ አደረ። እሳቸው ከጎን ቆመው እያንዳንዱ ቋጠሮ የማን ማሳ እንደነበረ ይናገሩ ነበር። ሲነጋ ክሯ ባዶ ነበረች፤ ሰማዩም ባዶ።

በማግሥቱ ምህላ ተያዘ። ታቦቱ ወጣ፤ ሰው ድንጋይ ተሸክሞ «እግዚኦ» እያለ ዞረ። አባ ጉም ከሁሉም ኋላ፣ ከሁሉም የከበደ ድንጋይ ተሸክመው ተከተሉ። መምሬ ዞር ብለው አዩዋቸውና ዝም አሉ። ዘነበ ወይ? በዚያ ቀን አልዘነበም። ሲዘንብ እሳቸው አልነበሩም።

ሞቱ ወይስ ተሰወሩ?

ሞቱ። በረሃብ፣ እንደ ብዙው ሰው። «ጉም ሆነው ተሰወሩ» የሚለውን ያመጡት አንባቢዎች ናቸው፤ እኔ አልጻፍኩም።

ታዲያ ምን ትተው አለፉ?

ድግምቱ አብሯቸው ተቀበረ። የቀረው ስምምነት ነው። ያን ሌሊት ቋጠሮ ሲፈቱ የጌራ ሰዎች የማማን ሰዎች ስም አንድ ባንድ ሰምተው ነበርና፣ ዘመኑ ሲያልፍ ሁለቱ ምድሮች ተማከሩ፦ በረዶ የሳተው ለተመታው ከዘሩ አንድ ቁና ይሰጣል። ለደብተራው ይሰፈር የነበረው ያ ቁና ነው ማማ የሚወርደው።

ስምምነቱ ፈጠራ ነው፤ ሐሳቡን ግን ከመንዝ ነው የወሰድኩት። ጓሳን ለብዙ ዘመን ያቆየው የቀሮ ሥርዓት ነው። ሣሩ ለዓመታት ይዘጋል፣ አባ ቀራ የሚባል የተመረጠ ሰው ይጠብቀዋል፣ ሲከፈት ሁሉም በድርሻው ያጭዳል። ሥርዓቱ ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በኋላ ቢፈርስም፣ ዛሬም ጓሳን የሚጠብቀው ማኅበረሰቡ ነው፤ ቀይ ቀበሮውም ጭላዳውም እዚያ አለ። በግጦሽ መስማማት የቻለ አገር በበረዶ መስማማት አያቅተውም ብዬ ነው።

ዛሬ ቢኖሩ ደመና በማበልጸግ ይቀጠሩ ነበር?

የሚያስቅ ጥያቄ ነው፣ ግን ወድጄዋለሁ። ደመና ማበልጸግ ማለት ዝናብ እንዲጥል ደመና ላይ ንጥረ ነገር መርጨት ነው። ሳይንሱ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1946 በደረቅ በረዶ ሙከራ ነው፤ ወዲያው ሲልቨር አዮዳይድ ተከተለ። በኛም አገር መንግሥት ሙከራ መጀመሩን በ2013 ዓ.ም. አስታውቋል። ገደቡ የአባ ጉም ገደብ ነው፤ ደመና ከሌለ የሚበለጽግ ነገር የለም።

ጠቡም ያው ነው። እ.ኤ.አ. በ2018 አንድ የኢራን ጄኔራል «እስራኤል ደመናችንን ትሰርቃለች» ብለው ከሰሱ፤ ያስተባበሏቸው የገዛ አገራቸው የሜትሮሎጂ ኃላፊ ናቸው። ማማና ጌራ በሉት።

ሲሳሉ ምን ይልበሱ?

ሹል ቆብና የሚያበራ በትር አይሁን፤ እለምናችኋለሁ። ጥቁር ባና፣ በዝናብ ቀን ከላዩ የሣር ገሳ፣ ባዶ እግር፣ ነጭ ጥምጥም ትንሽ የቆሸሸ። መቋሚያ ከያዙ መቋሚያው የተዋሰ መሆኑ ይታወቅ። ፊታቸው እንደ መንዝ ገበሬ በብርድ የተሰነጠቀ ይሁን።

የሚወርሳቸው ተማሪ ይመጣል?

አይመጣም።

በትምህርት ቤት ለትያትር መሥራት ይቻላል?

ይቻላል፣ በነፃ። ሁለት ነገር ብቻ፦ የእህትየዋን ንግግር አታሳጥሩ፤ መምሬንም የሚያስቁ ሰው አታድርጓቸው። በረዶውን በገብስ ቆሎ መወርወር በቂ ነው፤ ተመልካቹ ልጅ ከሆነ ለቅሞ ይበላዋል፣ አትከልክሉት።